ካሜራው ከቆመ በኋላ

ሰኞ፣ ኦክቶበር 7፣ 1974

ሃምቡርግ ዝናብ። አውቶቡሱ ዘገየ፣ እኔም ዘገየሁ። አለቃዬ አቶ ብሪንክማን ግን ከእኔ ብሶ ዘግይቶ ስለመጣ ያየኝ የለም።

የዶክተር ብሬደሎ ቃለ መጠይቅ ጥቅሎች ዛሬ መጡ። አሥራ አንድ ጥቅል ፊልም፣ አሥራ አንድ ጥቅል ድምፅ። ሰባተኛችን ነው... ማለቴ እሳቸው የሚናገሩበት፣ እኔ እየቆረጥኩ የማቀናብረው ሰባተኛ ፊልም። ጦርነቱ ካለቀ ሃያ ዘጠኝ ዓመት ሆነው፤ ቴሌቪዥኑ ስለዚያ ዘመን ባነሳ ቁጥር ግን የሚጠራው ያንኑ ሰው ነው። ምን ይደረግ? በጦርነቱ ጊዜ ባቡሮቹን ይመራ ከነበረው ሚኒስቴር ትልልቅ ሰዎች ውስጥ በሕይወት ኖሮ፣ አፉን ከፍቶ፣ "አጥፍቻለሁ" የሚል እሳቸው ብቻ ናቸው። አሥር ዓመት ታስረው ወጡ። አሁን ሽበታቸውን አበጥረው ካሜራ ፊት ቁጭ ይሉና "ጥፋቴ አለመጠየቄ ነው" ይላሉ። አገር ያለቅሳል። እኔም ሁለት ጊዜ አልቅሻለሁ፣ ለምን እዋሻለሁ።

ድምፅ ቀጂያችን ሄኒንግ በሩ ላይ ተደግፎ፣ "ኤልፊዬ፣ ፍቅረኛሽ መጣልሽ" አለኝ።

"ሰባ አንድ ዓመታቸው ነው። አፍህን ዝጋ።"

"አንቺስ አርባ አራት አይደለሽ? ታማርጫለሽ እንዴ?"

በባዶ የፊልም ቆርቆሮ ወረወርኩት። ሳትኩት።

ከጥቅሎቹ ጋር አንድ ካርቶን ፖም ልከዋል። ከገዛ ግቢያቸው፣ አንድ በአንድ በጋዜጣ ተጠቅልሎ። ካርዱ ላይ "ለወይዘሪት ኤልፊ፣ ንግግሬን ለምታሳምርልኝ" ይላል። በአሥራ ስድስት ዓመት ሥራዬ ቆራጭ የሚባል ሰው መኖሩን ያሰበ ሌላ እንግዳ አላጋጠመኝም።

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 9

ቀኑን ሙሉ ከእሳቸው ጋር። ትንፋሻቸውን አውቀዋለሁ። መቼ መነጽር እንደሚያወልቁ አውቃለሁ። "እኔ ወረቀት ላይ ቁጥር ብቻ ነበር የማየው። የባቡር ሰዓት፣ የፉርጎ ብዛት። አንድም ባቡር ጣቢያ ሄጄ አላየሁም። ሄጄ ብጠይቅ ኖሮ..." ይሉና ዝም ይላሉ። አራት ሴኮንድ። በሴኮንድ ሃያ አምስት፣ መቶ ምስል፤ ቆጥሬዋለሁ። ከዚያ፦ "ጥፋቴ አለመጠየቄ ነው።"

ይህንን ስቆርጥ ሁልጊዜ አባባ ይመጣብኛል። አልፈልግም፣ ይመጣብኛል።

አባባ በጦርነቱ ጊዜ የኦበርቫልዳ ባቡር ጣቢያ ሹም ነበር። ወደ ሞት የሚወሰዱትን ሰዎች የጫኑት ባቡሮች በሱ ጣቢያ ነበር የሚያልፉት። በ1965፣ ዶክተር ብሬደሎ ለመጀመሪያ ጊዜ በቴሌቪዥን የታዩ ዕለት፣ አባባ ከወንበሩ ተነስቶ ስክሪኑን በጣቱ እየወጋ ጮኸ። "ውሸታም! መጥቷል! በአርባ ሁለት በጋ መጥቷል፣ እኔ ጣቢያ መድረክ ላይ ቆሟል፣ ሁሉን አይቷል! እናትሽ የጋገረችውን የፕሪም ኬክ በልቷል!"

ኬክ! ሳቄ መጣ። እኔ ያን በጋ ከትምህርት ቤት ልጆች ጋር ገጠር ተልኬ ነበር፤ እማማ ደግሞ በ51 ሞታለች። ማንን ልጠይቅ? "እኚህ ሰውዬ ቢያንስ ወንድ ናቸው፣ ጥፋታቸውን በራሳቸው አፍ ይናገራሉ" አልኩት። "አንተ በሰው ታላክካለህ።"

ከዚያ ወዲህ ዘጠኝ ዓመት። ለገና አንድ ካርድ።

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 12

ፖሙ ይጣፍጣል። ሦስት በላሁ።

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 15

ዶክተር ብሬደሎ ራሳቸው ደወሉ! ሄኒንግ ስልኩን ሲያቀብለኝ ዓይኑን ጠቀሰኝ።

"ልጄ ኤልፊ፣ አንድ ውለታ። አራተኛው ጥቅል ላይ፣ 'ሄጄ ብጠይቅ ኖሮ' ካልኩ በኋላ ሳል ያዘኝ። ጥሩ አይሆንም። ታወጪልኛለሽ?"

"አወጣዋለሁ፣ ዶክተር። ማንም አያውቅም።"

"አንቺ እያለሽ ምን እፈራለሁ!"

ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ፊቴ ሞቆ ነበር። አርባ አራት ዓመቴ ነው። ማፈር ነበረብኝ?

ዓርብ፣ ኦክቶበር 18

እንግዳ ነገር።

ሳሉን ከማውጣቴ በፊት በ1968ቱ ፊልም ላይ ያንን ቃል እንዴት እንዳሉት ለማየት የድሮውን ድምፅ አስመጣሁ። በስህተት የድሮውን ድምፅ ከአዲሱ ምስል ጋር መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ አስገባሁት። ማሽኑ ዞረ... ከንፈራቸው ገጠመ። ከ"እኔ ወረቀት ላይ" እስከ "ብጠይቅ ኖሮ"፣ ቃል በቃል፣ ትንፋሽ በትንፋሽ። ዝምታው እንኳ ያው መቶ ምስል። በስድስት ዓመት ልዩነት!

ሄኒንግን ጠራሁት። ሦስት ጊዜ አየና አፏጨ። "ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም ይሉ የለ? ይሄ ግን ከአንጀት አይደለም። ይሄ የተጠና ነው።"

"ሽማግሌ ሁሉ ያንኑ ይደጋግማል።"

"የኔ አያት አንዱን ታሪክ ሃምሳ ጊዜ ነግሮኛል። ሃምሳውም ይለያያል።"

አባረርኩት። ግን ደግሜ አየሁት። ሰው ስለተጸጸተበት ነገር ሲያወራ አንድ ቃል እንኳ እንዴት አይስትም?

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 22

በቅደም ተከተል ልጻፈው።

ሳሉን አወጣሁ፣ ድምፁ ላይ ቀዳዳ ቀረ። ቀዳዳ በባዶ አይደፈንም፤ በዚያው ክፍል ዝምታ ነው የሚደፈነው። የአንዱ ክፍል ዝምታ ከሌላው አይገጥምም። ለዚህ ነው ከቃለ መጠይቅ በኋላ ሁሉም ሰው ግማሽ ደቂቃ ትንፋሹን ውጦ የሚቆመው፣ ሄኒንግም ዝምታውን የሚቀዳው። ዋናውን ቴፕ ከመደርደሪያው አውርጄ ዝምታውን ፈለግሁ። አገኘሁት። የግድግዳ ሰዓት፣ ሩቅ ውሻ። የሄኒንግ ድምፅ፦ "አመሰግናለሁ፣ አለቀ።" ከዚያ መብራቶቹን ተሸክሞ ሲወጣ፣ በር ሲዘጋ።

ማሽኑን አላጠፋውም። ረስቶታል። እኔም ላጠፋ እጄን ዘርግቼ ነበር።

የሲኒ ድምፅ። ማንኪያ። ጥያቄውን ሲጠይቅ የነበረው ብሪንክማን፦ "ኬኩ ግሩም ነው፣ ዶክተር።"

እሱ፦ "የሚስቴ እጅ ነው። የፕሪም ኬክ ባየሁ ቁጥር ግን አንድ ነገር ትዝ ይለኛል። ኦበርቫልዳን ታውቃታለህ? የት ታውቃታለህ። ትንሽ ባቡር ጣቢያ ናት። በአርባ ሁለት በጋ ራሴ ሄድኩ። ባቡሮቹ እዚያ እየተጠራቀሙ የጦሩን መንገድ ዘጉብን። ሦስት ባቡር ሙሉ ሰው፣ በዚያ ፀሐይ። ሽታው! ልነግርህ አልችልም። በዚያ ሽታ መሃል የሹሙ ሚስት የፕሪም ኬክ ይዛ ብቅ አትልም! ምን ላድርግ፣ ሴትዮዋን ላሳፍራት? ሁለት ቁራጭ በላሁ።"

ሳቅ። የሁለቱም።

"ሹሙ ደግሞ ከኋላ ከኋላዬ እየሮጠ፣ 'ጌታዬ፣ ትእዛዙን በጽሑፍ ይስጡኝ፣ በጽሑፍ ይስጡኝ።' 'ወዳጄ' አልኩት፣ 'ምሥራቅ ግንባርም የጣቢያ ሹም ይፈለጋል።' አፉን ዘጋ። በማግስቱ ባቡሮቹ ሄዱ።"

ብሪንክማን፦ "ይቺን መቼም ካሜራ ፊት አይሏትም።"

"ካሜራ ፊትማ አለመጠየቄን ነው የምናገረው።"

እንደገና ሳቅ። ከዚያ ብሪንክማን ሌላ ቁራጭ ኬክ ጠየቀ።

ኬኩን የጋገረችው እናቴ ናት። ከኋላው የሮጠው አባቴ ነው።

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 23

ሥራ አልሄድኩም። "ጉንፋን" አልኩ። የቀረውን ፖም ከነካርቶኑ ግቢ ካለው ቆሻሻ ገንዳ ጣልኩት። ጎረቤቴ መስኮት ላይ ሆና "ምነው ደህና ፖም!" አለችኝ። ምን ልበላት?

ሰባት ፊልም። ማንም እንዳያውቅ አድርጌ ስንቱን ሳል፣ ስንቱን መደናገጥ አወጣሁለት? ውሸቱን በመቀስ ያሳመርኩለት እኔ ነኝ።

ሐሙስ፣ ኦክቶበር 24

ብሪንክማን ቢሮ ገባሁና ቴፑን ጠረጴዛው ላይ አኖርኩት። ምን እንደሆነ አልጠየቀኝም። ያኔ ገባኝ... ማሽኑ ሳይጠፋ መቅረቱን ያውቅ ነበር፤ ትናንት ስቀር ሰምቼው እንደሆነ ጠርጥሮ ሲጠብቀኝ ነበር።

"ሰው ቤቱ ውስጥ ኬክ እየበላ ያወራው ወሬ ነው፣ ኤልፊ።"

"ያ የጣቢያ ሹም አባቴ ነው።"

"አላወቅኩም" አለ። እውነቱን ይመስለኛል፣ ይህን እንኳ ልተውለት። "ግን ስሚኝ። ሌሎቹ ሁሉ 'አላስታውስም' ባዮች ናቸው፣ ወይ በሩን ይዘጉብናል። ተመልካች ደግሞ የሚጸጸት ሰው ማየት ይፈልጋል። ያለን አንድ ነው። እሱን ካጣን ከፕሮግራሙ ሦስት ክፍል ባዶ ቀረ።"

"አይጸጸትምኮ! እርስዎ ቁጭ ብለው ሰምተዋል፣ ስቀዋል!"

"እንግዳ ቤት ስትሆኚ አንቺ አትስቂም?"

ቴፑን መሳቢያው ውስጥ ከቶ ቆለፈበት። ይጠፋና ሌላ ይቀዳበታል አለ፤ ቴፕ ለምን ይባክናል። ስወጣ ሄኒንግ ኮሪደሩ ላይ ቆሞ ነበር፣ ፊቱ አመድ መስሏል። ትናንት እኔ ሳልኖር ቴፑን አዳምጦታል፣ ኮፒም አድርጎታል። በጋዜጣ ጠቅልሎ ቦርሳዬ ውስጥ ከተተልኝ። ዛሬ አልቀለደም።

እሑድ፣ ኦክቶበር 27

ሉነቡርግ። አባባ ከከተማው ዳር ባለችው የአትክልት ቦታው ነበር፤ ውርጭ ሳይመታው የዳሊያ አበባ ሥር ይቆፍራል። ሲያየኝ አካፋውን አቆመ።

"ማን ሞተ?"

"ማንም።"

"ታዲያ ምን ልታደርጊ መጣሽ?"

የሄኒንግን ትንሽ ቴፕ መቅረጫ አግዳሚው ላይ አስቀምጬ ከፈትኩት። ቆሞ ሰማ። እጁ ጭቃ ነው። "ምሥራቅ ግንባርም" ሲባል የአባባ ከንፈር አብሮ ተንቀሳቀሰ። ሠላሳ ሁለት ዓመት ይዞት ኖሯል።

ሲያልቅ እኔ እያለቀስኩ ነበር። ይቅርታ አልኩት፣ ስንት ጊዜ እንደሆነ አላውቅም።

"ዘጠኝ ዓመት" አለ። "ከኔ አፍ ሲወጣ ውሸት ነበር። ከሱ አፍ ሲወጣ እውነት ሆነልሽ።"

ሁለት ሥር ቆፍሮ አወጣ፣ አፈሩን አራገፈ።

"ደግሞ ልጨርስልሽ። ጽሑፉን የጠየቅኩት ሰዎቹን ላድን መስሎሽ ነው?"

"እንግዲህ... አይደለም?"

"ራሴን ላድን። ኋላ የሚጠይቅ ቢመጣ ወረቀቱን ላሳይ። ቢጽፍልኝ ኖሮ በዚያው ቀን አስነሳቸው ነበር።"

"ሳይጽፍልህስ?"

"በማግስቱ አስነሳኋቸው።" አካፋውን ተደገፈ። "ከሦስተኛው ፉርጎ ቀዳዳ እጅ ወጥቶ ነበር። የሴት እጅ፣ ቀለበቷ ተነቅሎ ጣቷ ላይ ቀይ ምልክት የቀረ። ውሃ ነበር የምትለው። እኔ ሰዓቴን አየሁ። አርባ ደቂቃ ዘግይተን ነበር።"

"ይህንን ለምን አልነገርከኝም?"

"እሱ አልመጣሁም ሲል 'መጥቷል' ብሎ መጮህ ቀላል ነበር። ከዚያ በላይ ማን ጠየቀኝ?"

አልሸኘኝም። ባቡር ውስጥ መስኮቱን ሳይ ነበር፣ ምንም ግን አላየሁም። ብሬደሎ ዋሸኝ። ብሪንክማን ሸጠኝ። አባቴ ደግሞ ግማሹን ብቻ ነግሮኝ ዘጠኝ ዓመት አኮረፈኝ። እኔስ? እኔ ያመንኩት ጥሩ የሚናገረውን ነው። ሁለቱም ወንዶች ሲከራከሩ የኖሩት ስለ ራሳቸው ነው። ስለዚያች ሴትዮ እጅ የሰማሁት ዛሬ ነው።

ዓርብ፣ ኖቬምበር 1

ብሬደሎ ቤቴ ደወለ። ቁጥሬን ማን እንደሰጠው መጠየቅ አያስፈልግም።

"ልጄ ኤልፊ፣ ተቀይመሽኛል አሉ።"

"ልጅህ አይደለሁም።"

"አባትሽ ጨዋ ሰው ነበር፣ አስታውሰዋለሁ። ምነው ቀደም ብለሽ ብትነግሪኝ!"

ብነግረውስ ምን ሊያደርግ? ኬኩን ሊያመሰግን? "መጥተሃል" አልኩት። "አይተሃል፣ ሸትቶሃል።"

በረዥሙ ተነፈሰ። "እኔ ወረቀት ላይ ቁጥር ብቻ ነበር የማየው" ብሎ ጀመረ። ለእኔ! ቴፑን ለሰማሁት! "...ሄጄ ብጠይቅ ኖሮ..." እና ዝም አለ። ዓይኔ ግድግዳው ሰዓት ላይ ነበር። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት።

"ጥፋቴ—"

ዘጋሁበት። ሲጀምር ሆን ብሎ ያጠናው ይሆናል፤ አሁን ግን እሱ ራሱ ሌላ ቃል የቀረው አይመስለኝም። ይህ ደግሞ ከውሸቱ የባሰ አስፈራኝ።

ሰኞ፣ ኖቬምበር 4

ከፊልሙ አነሱኝ። የቀረውን ሌላ ቆራጭ ይጨርሰዋል። ስሜ ከፊልሙ እንዲሰረዝ ጠየቅኩ። ብሪንክማን፣ "መጨረሻ ላይ የሚያልፈውን ስም ማን ያነባል ብለሽ ነው? ተዘጋጅቷል፣ ለሱ ብለን እንደገና አንሠራም" አለኝ።

ከነገ ጀምሮ የአትክልት አስተዳደግ ፕሮግራም እቆርጣለሁ።

እሑድ፣ ኖቬምበር 10

ከአባባ ደብዳቤ። በሕይወቴ የመጀመሪያው።

"የማስታውሰውን ጻፍኩት። አሥራ አንድ ገጽ ሆነ። ቀኑ፣ የፉርጎው ብዛት፣ ማን ምን እንዳለ። እኔ ያደረግኩትንም። ዐቃቤ ሕግ ዘንድ ልውሰደው ነው፤ ያንቺን ቴፕም ስጪኝ። ረቡዕ የንስሐና የጸሎት ቀን ስለሆነ ዝግ ናቸው፣ ሐሙስ ኖቬምበር 21 ጠዋት እንሂድ። ካልፈለግሽ ቴፑን በፖስታ ላኪው።"

ወዲያው ደወልኩለት። "አባባ፣ አንተንም እኮ ሊይዙህ ይችላሉ።"

"እና?"

"ሰባ ስድስት ዓመትህ ነው!"

"ዕድሜዬን አውቀዋለሁ። ኮትሽን ደርቢ፣ እዚህ በርዷል።"

ላስቀረው ፈልጌ ነበር። እውነቱን ልጻፍ፦ ቴፑን ደብቄ አባቴን ላተርፍ አስቤያለሁ። ሌሊቱን እንኳ አልፈጀብኝም፣ አንድ ሰዓት ያህል። ከብሪንክማን በምን ተሻልኩ?

ረቡዕ፣ ኖቬምበር 20

የንስሐ ቀን። አገሩ ጸጥ ብሏል፤ ጭፈራ ቤቱም ሱቁም ዝግ። ከራት በኋላ በአባባ ሳሎን ተቀመጥን። ፊልሙ የሚታየው ዛሬ ማታ ነው፤ ቴሌቪዥኑን ክፈቺው አለኝ።

ብሬደሎ መጣ። ሽበት፣ መነጽር፣ ዝምታ። እኔ ያወጣሁት ሳል የለም፤ ቀዳዳው ተደፍኗል። የምትወደውን ሰው ሬሳ አሳምረው ሲያሳዩህ ምን እንደሚሰማ ዛሬ አወቅኩ... አይ፣ እንደሱም አይደለም። እወደው ነበር ብዬ መጻፉ ራሱ ያስጠላኛል። ግን ነበር። እንደ አባት።

አባባ አልጮኸም። እስከ መጨረሻው አየ። ስሜ ሲያልፍ አነበበው።

"አንቺ ነሽ የቆረጥሽው?"

"አብዛኛውን።"

"ምንም አያስታውቅም" አለ። ለመውቀስ ይሁን ለማድነቅ፣ እንጃ። ሁለቱም ያው ቦታ ነው የሚወጋው።

ቴሌቪዥኑን ሳጠፋ፣ ቀጥሎ ያለው ቤት ሴትዮ በግድግዳው በኩል ለባሏ "ምን ዓይነት ጨዋ ሽማግሌ ነው!" ስትል ተሰማ።

ሐሙስ፣ ኖቬምበር 21

አባባ ማልዶ ተነስቶ ጫማውን ቀባ። ኮፒውን ቴፕ እኔ ያዝኩ፣ አሥራ አንዱን ገጽ እሱ። መንገድ ላይ ብዙ አላወራንም። ደረጃው ላይ ክንዴን ያዘ፤ ከዘጠኝ ዓመት ወዲህ ሲነካኝ የመጀመሪያው ነው። ይቅር ብሎኝ ይሁን ደረጃው አድካሚ ሆኖበት፣ አልጠየቅኩም።

የዐቃቤ ሕጉ ጸሐፊ ወጣት ናት፣ ከጦርነቱ በኋላ የተወለደች። ትላንት ማታ ፊልሙን አይታዋለች። የመጣንበትን ስነግራት፣ "ስለ ዶክተር ብሬደሎ ነው? አይቻቸዋለሁኮ!" አለች፣ ዓይኗ እንደ መራስ ብሎ። እኔ ቴፑን ጠረጴዛዋ ላይ አኖርኩት። ከዚያ ሳቅ ብላ ቅጽ አወጣችና ወደ አባባ ዞረች።

"አባት፣ እንግዲህ እርስዎ ምስክር ነዎት ማለት ነው። አረፍ ይበሉ፣ ስምዎን ልጻፍ።"

አባባ አልተቀመጠም። ኮፍያውን አወለቀ።

"ምስክሩ ቴፑ ላይ ነው" አለ። "እኔ ባቡሮቹን ያስነሳሁት ነኝ።"

ልጅቱ መጀመሪያ እሱን፣ ቀጥላ እኔን አየች። አስተባብዪልኝ የምትል ይመስል። ዝም አልኩ። ያን ጊዜ የያዘችውን የምስክር ቅጽ መለሰችና ከታችኛው መሳቢያ ሌላ አወጣች።